ዳመኔን ፍለጋ ወደ ቁልቁሊት ገደል

እኛ የዝርጋ ሜዳ ሰዎች ዳመኔን፣ ያን ግዙፍ በራሪ እንስሳ፣ የምናውቀው ከሥር ሆነን ነው። በዓመት ሁለት ጊዜ በላያችን ያልፋል። አንዴ ክረምቱ ሲወጣ፣ አንዴ ሊገባ ሲል። ጥላው ማሳው ላይ ሲያልፍ እናቶች ልጆቻቸውን ይጠራሉ፤ እረኛው ጥጆቹን ወደ በረት ይነዳል። ከዚያ ዓመቱን ሙሉ ወሬው ይቀራል። ጥጃ ይነጥቃል ይባላል። ሕፃን ወስዶ ለጫጩቱ ያበላል ይባላል። በዓይኔ አይቻለሁ የሚል ሰው ግን አጋጥሞኝ አያውቅም።

ዘንድሮ አዝመራው ቶሎ ተሰበሰበ። የጨው ነጋዴዎቹ ደግሞ ጫጩቶቹ ከገደሉ የሚነሡበት ወቅት መድረሱን ነገሩኝ። ስንቄን ቋጥሬ ወጣሁ። ከተመለስኩ ወዲህ ስለ መንገዱና ስለ ወጪው የሚጠይቀኝ ሰው ስለበዛ፣ ሁሉንም በየቦታው እጽፈዋለሁ።

ከዝርጋ እስከ ጨው በር

እስከ ጨው በር ያለው መንገድ ሜዳ ነው፤ የሚወራለት የለውም። በጋሪ አንድ ሰው 6 ዛጎል ይከፍላል። ከአንድ ጆንያ በላይ ጭነት ካለ 2 ይጨመራል። ጋሪው ላይ የሚነጠፈው ጭድ ብቻ ስለሆነ ወፍራም ብርድ ልብስ ያዙ፤ ወገባችሁን ያድናል።

ጨው በር ሁለት ቋጥኞች ሊጋጠሙ ምንም ያልቀራቸው ጠባብ ማለፊያ ነው። እዚያ ፍተሻ አለ። የቀረጥ መስሎኝ ነበር። ዘበኞቹ ግን ጨውንም እህልንም ዞር ብለው አላዩም። የጠየቁት አንድ ነገር ብቻ ነው።

«መርዝ ይዛችኋል?»

ከዚያ የእያንዳንዱን ሰው ቅልና ቋጠሮ እየከፈቱ አሸተቱ። ባለጋሪያችን ለጅብ የሚሆን ዱቄት በጨርቅ ቋጥሮ ነበር። በእኛ አገር ከቤት የማይጠፋ ነገር ነው። አህያ ወይም ላም ስትሞት ሥጋው ላይ ይነሰነሳል፤ ጅቡ በልቶ እዚያው ይቀራል። ዘበኞቹ ቋጠሮውን ኖራ ያለበት ጉድጓድ ውስጥ ጣሉትና አፈር መለሱበት። መቀጫው 10 ዛጎል ነው።

ባለጋሪው ተከራከረ። «ለራሴ ከብት ብዬ የያዝኩት ነው፤ እናንተን ምን አደረኳችሁ?» አለ።

ሽማግሌው ዘበኛ አልተቆጡም። «ልጄ፣ ላይ ስትደርስ ይነግሩሃል» አሉት። ባለጋሪው ግን ከዚያ በላይ አይሄድም። ጨውን የሚቀበሉት የበቅሎ ነጋዴዎች ናቸው። እሱ እዚያው ቀረ፤ ጥያቄው ወደ እኔ ዞረ።

ሸንተር፣ የገበያ ዋዜማ

ከጨው በር እስከ ሸንተር ግማሽ ቀን ሽቅብ ነው። በቅሎ በቀን 4 ዛጎል ትከራያለች፤ ገብሷ በተከራዩ ነው። መንገዱ ጠጠር ቢበዛውም ጥሩ ይጠግኑታል። ዝርጋ ላይ አንድ ዝናብ የሚበላውን መንገድ እነሱ በድንጋይ ደርድረው ዓመት ያቆዩታል።

ከተማዋን ከሩቅ ሳያት የገረመኝ ጣሪያዋ ነው። ሣር ክዳን የሚባል የለም። ቤቱ ሁሉ ዝቅ ያለና በጠፍጣፋ ድንጋይ የተከደነ ነው። ውጭ የተሰጣ ልብስም አላየሁም። ያደርኩባቸውን ባልቴት፣ «እማማ፣ ሣር ጠፍቶ ነው?» ብዬ ጠየቅኳቸው።

«ሣሩማ ሞልቷል። ማን ያስቀምጥልናል?» አሉኝ። ዳመኔ ማታ ወደ ገደሉ ሲመለስ በከተማዋ ላይ ዝቅ ብሎ ያልፋል። ክንፉ የሚገፋው አየር ክዳኑን አንሥቶ ይሄዳል። እሳቸው ልጅ ሳሉ አንድ እንግዳ በሣር የከደነው ጎተራ ነበር አሉ። ክዳኑ የተገኘው ከከተማው ውጭ ነው።

መኝታና እራት 3 ዛጎል ነው። እራቱ የገብስ ገንፎ ሲሆን መሐሉ ላይ ቅቤና የተፈጨ ሰናፍጭ ይፈስበታል። እኛ ዘንድ ገንፎ የአራስና የሕመምተኛ ነው። እዚያ ብርዱ ራሱ ያስበላል፤ ሁለት ጊዜ አስጨመርኩ። አልጋው ከምድጃው ጀርባ ስለሆነ ሌሊቱን ሙሉ ሙቀቱ አይለይም። ከሄዳችሁ ከገበያ ዋዜማ በፊት ግቡ። በዋዜማው በየቤቱ መሬት ላይ ሳይቀር ሰው ይተኛል።

ጠዋት ስነሣ ማዶው አፋፍ ቁልጭ ብሎ ይታያል። የምሄደው ወደዚያ ነው። በገደሉ ማዶ ፍየል የምታግድ ልጅ ስትጣራ ድምጿ ይሰማኛል። ድልድዩ በየት በኩል እንደሆነ ጠየቅኩ።

«ድልድይ የለም። ገመድ አንዘረጋም» አሉ እማማ።

«እንዴት ነው የምትሻገሩት?»

«ወርደን፣ ወጥተን።»

እውነቱን ለመናገር ተናደድኩ። ድምፅ የሚሰማበት ማዶ ለመድረስ አንድ ሙሉ ቀን ቁልቁል፣ ሌላ ቀን ሽቅብ! የዝርጋ ሰው ቢሆን ዛፉን ቆርጦ፣ ገመዱን ገምዶ ጨርሶት ነበር።

ቁልቁሊት

ቁልቁለቱ ጉልበት ይጨርሳል። መንገዱ በገደሉ ፊት እየተጠማዘዘ ይወርዳል። በቅሎዋን መጎተት እንጂ መቀመጥ አይቻልም። በማለዳ ብርድ ነው፤ ረፋዱ ላይ ፀሐይዋ ቋጥኙ ላይ ስታርፍ ደግሞ ሙቀቱ ከድንጋዩ ይወጣል።

ያኔ ነው የመጀመሪያው የመጣው። ድምፅ የለውም። ድንገት ብርሃኑ ጠፋ፤ ጥላው በላያችን አለፈ። በቅሎዋ ደንግጣ ዘለለች። የጭነቱ ማሰሪያ ተበጠሰና የበሶ ስልቻዬ ገደሉን ይዞ ወረደ። ድንጋይ ላይ ሲፈነዳ ነጭ አቧራው ታየኝ። እኔ ልጓሙን አንቄ ይዤ ስለነበር ቀና ብዬ ለማየት የቻልኩት ጅራቱን ብቻ ነው። ከኋላዬ የመጣ ጨው ጫኝ በቅሎዋን ያዘልኝ። ዓይኗን በጨርቅ ሸፈነና ጆሮዋን አሻሸላት። የአገሩ በቅሎዎች ከጥላው ጋር አብረው ያድጋሉ፤ የኔዋ ግን በቅርብ ከቆላ የመጣች ናት አለኝ። ስትከራዩ ይህን ጠይቁ። አከራዩ አልነገረኝም።

ወንዙ ሥር ታንኳ አለ። ለሰው 1 ዛጎል፣ ለበቅሎ 2። ማደሪያዬ የንብ አናቢዎች ቤት ነበር። በሶዬ እንደወደቀ ሲሰሙ ገንዘብ አልተቀበሉኝም። የማር እሸትና ትኩስ ቂጣ አቀረቡልኝ። እኛ ዘንድ ማር በሰም ተደፍኖ ከገበያ ነው የሚገዛው፤ ከቀፎው ወጥቶ እየተንጠባጠበ በልቼ አላውቅም ነበር።

የገመዱን ነገር የነገሩኝ አባወራው ናቸው። በአያታቸው ዘመን ድልድይ ነበረ። አንድ ማለዳ አንድ ትልቅ ዳመኔ ከገደሉ ተነሥቶ ሲወጣ ገመዱን ሳያየው ገባበት። ክንፉ ሰፊ ስለሆነ ድንገት መታጠፍ አይችልም። የክንፉ ቆዳ ከጫፍ እስከ ብብቱ ተቀደደ። ወንዙ ዳር ወድቆ ሁለት ቀን ቆየ። ሊቀርበው የደፈረ የለም፤ ሊገድለው የደፈረም የለም። ሲሞት ሽማግሌዎቹ ተሰብስበው ድልድዩን ራሳቸው ቆረጡት።

«እኛ ሁለት ቀን ብንሄድ ምን እንሆናለን?» አሉኝ። በማግስቱ ሽቅቡን ስወጣ ንዴቴ አብሮኝ አልነበረም።

ቀይ ምንጭ

ማዶው አፋፍ ላይ መሪ መያዝ ግዴታ ነው። 5 ዛጎል ለቀኑ። የኔ መሪ ጎልማሳ ሴት ናት፤ አባቷም መሪ ነበሩ። ብዙ አታወራም። መጀመሪያ የወሰደችኝ ወደ ቀይ ምንጭ ነው። ከአንድ ቋጥኝ ጀርባ አስተኝታኝ፣ «ነፋሱ ወደኛ ነው፤ ዝም በል» አለችኝ።

ምንጩ የሚፈልቀው ከዝገት ቀለም አፈር ውስጥ ነው። ጭቃው ውስጥ አንዲት እናት ዳመኔ ተኝታ ትንከባለላለች። ከእኔ እስከ እሷ ሠላሳ እርምጃ አይሆንም።

ዝርጋ ላይ ጥቁር የሚመስለን ብርሃኑ ከኋላው ስለሆነ ነው። እውነተኛ ቀለሙ ነጣ ያለ ዳለቻ ነው። አንገቷና ደረቷ ላይ ያለው ቀይ ከጭቃው የመጣ ነው። ላባ የላትም። ሰውነቷን የሸፈነው አጭር፣ ለስላሳ ፀጉር ነው። ክንፏ ቆዳ ነው። ስትነሣ ክንፎቿን አጥፋ የፊት እግር አደረገቻቸውና በአራት እግሯ ቆመች። ራሷ ከአንድ ጎጆ ጣሪያ በላይ ነው። ክንፏን ልታደርቅ ስትዘረጋው ፀሐይ በቆዳው ውስጥ አልፋ የደም ሥሮቹን አየኋቸው። ከሁሉ ወፍራሙ አንድ ቦታ ላይ ይመታ ነበር። ከጫፍ ጫፍ 24 ክንድ ይሆናል አለችኝ መሪዬ።

እግሯን አሳየችኝ። «ጣቷን ተመልከት። በዚህ ጥጃ ይነጠቃል?»

ጣቶቿ አጫጭርና ለመርገጥ የተሠሩ ናቸው። የሚጨብጥ ጥፍር የላቸውም። የምትይዘው በአፏ ብቻ ነው፤ እሱም ከአጥንት በላይ አይችልም። የዝርጋ ወሬ ሁሉ እዚያ ምንጭ ዳር አለቀ።

ለመነሣት ሩጫ አላስፈለጋትም። አጎነበሰች። በፊት እግሮቿ መሬቱን ገፍታ ዘለለች፤ ክንፏ አየር ላይ ተከፈተ። ነፋሱ ጭቃውን ፊታችን ላይ ረጨው። መሪዬ ጭቃውን በጣቷ ጠርጋ ግንባሬ ላይ ቀባችኝ። የአገሩ ሰው በረከት ነው ይለዋል።

አጥንት ሜዳ

እዚህ ለመግባት በወፍራም ቆዳ የተለበጠ ቆብ ይሰጣል። ኪራዩ 1 ዛጎል ነው፤ ያለ እሱ አያስገቡም። ዳመኔ አደን አያውቅም። የሚበላው የሞተ ነው፤ በተለይ አጥንቱን። ትንሹን እንዳለ ይውጣል። ትልቁን ይዞ ወደ ላይ ይወጣና ጠፍጣፋው ድንጋይ ላይ ይለቀዋል። ሲሰበር ወርዶ መቅኑን ይበላል። ካልተሰበረ እንደገና ያነሣዋል። አንድ የበሬ ጭን አጥንት አራቴ ሲጣል አይቻለሁ። የቆምንበት መጠለያ ድረስ ስብርባሪው ይመጣል። በየጊዜው ጥሩንባ የሚነፋ ልጅ አለ፤ ጥሩንባውን ከሰማችሁ በቶሎ ወደ ጣሪያው ሥር ግቡ።

ገደሉ አካባቢ ያሉ መንደሮች ከብት ሲሞትባቸው ቆዳውን ገፈው በድኑን እዚህ ያመጡታል። ሲመሽ የሚቀረው ቀንዱ ነው። የከብት በሽታ እዚያ እምብዛም የማይዛመተው ለዚህ ነው ይላሉ፤ በየሜዳው የሚበሰብስ በድን የለምና። እኔም በየመንደሩ ሳልፍ አፍንጫዬን የያዝኩበት ቦታ የለም። ዝርጋ ላይ በክረምት መውጫ ወንዙ ዳር ማለፍ ምን እንደሚመስል የምታውቁ ታውቃላችሁ።

ከመጠለያው ጀርባ ከድሮ የሞተ ዳመኔ የክንፍ አጥንት ተጋድሟል። ርዝመቱ ከእኔ ይበልጣል። መሪዬ «አንሣው» አለችኝ። ሁለት ሰው የሚጠይቅ መስሎኝ ወገቤን አሰርኩ። በአንድ እጄ ተነሣ። የተሰበረው ጫፍ ላይ ውስጡ ይታያል። ግድግዳው ስስ ነው፤ መሐሉ እንደ ሸምበቆ ባዶ ነው፤ ባዶው ውስጥ ቀጫጭን የአጥንት ድጋፎች ወዲያና ወዲህ ተሰካክተው ግድግዳውን ይይዙታል። ያ ሁሉ አካል ተመዝኖ ከአንድ ወይፈን አይበልጥም። ባይቀል ኖሮ አይነሣም ነበር።

ከዚያ ወደ ገደሉ ፊት ወሰደችኝ። ጎጆዎቹ ነጭ እድፍ ካለባቸው እርከኖች ይታወቃሉ። አባቷ መሪ በነበሩበት ጊዜ በዚህ ፊት ላይ 40 ጥንዶች ነበሩ። ዘንድሮ 11 ናቸው። በዓመት አንድ እንቁላል ብቻ ይጥላሉ፤ የጠፋ ቶሎ አይተካም።

«ምን ነካቸው?» አልኳት።

«እዚህ ምንም አይነካቸው። ወደ እናንተ ሄደው የማይመለሱት ናቸው።»

ያኔ የጨው በር ዘበኛ ትዝ አሉኝ። ለጅብ የተነሰነሰውን በድን ዳመኔም ይበላዋል። አንድ የተመረዘች አህያ ላይ ብዙ ሆነው ይወርዳሉ። መሪዬ ስትነግረኝ አልከሰሰችኝም፤ አገሬንም አልሰደበችም። እንዲያውም ያ ይበልጥ ከበደኝ። በዓመት ሁለት ጊዜ በላያችን ሲያልፉ ከብታችንን ደብቀን የምንጠብቃቸው እነሱ ናቸው፤ መሬት ላይ ያስቀመጥንላቸው ደግሞ ሞት ነው።

የማለዳ አፋፍ

ስሙ የማለዳ አፋፍ ይባል እንጂ ጫጩቶቹ በማለዳ አይበሩም። ሰው ግን ቦታ ለመያዝ ጎሕ ሳይቀድ ይወጣል። መግቢያው 5 ዛጎል ነው። ገንዘቡ ያረጁ ከብቶች እየተገዙ ለአጥንት ሜዳ ይቀርቡበታል። ቀይ ጨርቅ አይፈቀድም፤ ጩኸትም አይፈቀድም። ጃንጥላ የያዙ ነጋዴዎች ነበሩ፤ አሳጠፏቸው። ትኩስ የገብስ ሾርባ የምትሸጥ ልጅ በሹክሹክታ ትዞራለች፤ ሁለት ስኒ በአንድ ዛጎል።

ረፋድ ላይ ፀሐይዋ ገደሉን ሞላችው። መጀመሪያ ወላጆቹ ተነሡ። እርከኑ ጫፍ ላይ ክንፋቸውን ዘርግተው ቆዩና ዝም ብለው ተንሸራተቱ። የሞቀው አየር ከሥር ሲይዛቸው ክንፋቸውን ሳያራግቡ እየዞሩ ወደ ላይ ወጡ። በጣም ከፍ ካሉ በኋላ ወደሚቀጥለው ሙቅ አየር ይንሸራተታሉ። በዚህ ዓይነት አገር ያቋርጣሉ። ዝርጋን ሁልጊዜ በእኩለ ቀን የሚያልፉትም ለዚህ ነው። ሜዳው የሚሞቀው ያኔ ነው። በዝናብና በሌሊት መሬት ይውላሉ፤ ያድራሉም።

ከጫጩቶቹ አንዱ ከእኛ በታች ያለው እርከን ላይ ነበር። ጫጩት ይባል እንጂ በቅሎ ያህላል። ወደ ጫፉ ይመጣል፣ ይመለሳል። ክንፉን ይከፍታል፣ ያጥፋል። እናቲቱ ማዶ ሆና አጥንት በአፏ ይዛ ትጠብቀዋለች። አጠገቤ የነበሩ አንድ አዛውንት ከንፈራቸው ይንቀሳቀሳል፤ ይጸልዩለታል መሰለኝ። እኔም እጄን ጨብጬ ነበር።

ዘለለ። ክንፉ ተከፈተ። ጥቂት ሄደና አንዱ ጎኑ አዘነበለ። ዞሮ ቁጥቋጦ ያለበት ቁልቁለት ላይ ወደቀ። ሰው ሁሉ ተነሣ። መሪዎቹ እጃቸውን ዘርግተው አስቀመጡን። ማንም ሊረዳው አይወርድም፤ ሰው ከነካው ይደነግጥና ቆዳውን ይቀደዋል።

ከዚያ መውጣት ጀመረ። በአራቱ እግሮቹ፣ ጥፍሩን ስንጥቁ ውስጥ እየከተተ፣ በገደሉ ፊት ወደ ላይ። ምሳ ሰዓት አለፈ። ብዙ ሰው ሄደ። አዛውንቱ፣ መሪዬና እኔ ቀረን። ያረፈበትን ቦታ ሁሉ አስታውሳለሁ፤ አንዱ ጠባብ እርከን ላይ ክንፉን በላዩ ከድኖ እንቅልፍ ወሰደው። ፀሐይዋ ልታዘቀዝቅ ስትል የተነሣበት ቦታ ደረሰ። እናቲቱ አጥንቱን አምጥታ ሰጠችው። አዛውንቱ እልል አሉ። ጩኸት ክልክል ቢሆንም የተቆጣቸው የለም።

ወደ ዝርጋ

መልሱ ያው መንገድ ነው፤ የወረድኩትን ወጣሁ። ባልቴቷ ለስንቄ የሚሆን ገብስ ቆልተው ሰጡኝ። በቅሎዋን ስመልስ ለጠፋው ስልቻ ከኪራዩ ላይ 2 ዛጎል አስቀነስኩ። ጨው በር ላይ ያንኑ ባለጋሪ አገኘሁት። ጭነት ሲጠብቅ ነበር። የሰማሁትን ሁሉ ነገርኩት። ብዙ አልመለሰልኝም።

ከዝርጋ መግቢያ አንድ መንደር ሲቀረን መንገድ ዳር የሞተች አህያ አየን። ሆዷ ተቀዷል፤ ሥጋው ላይ ነጭ ዱቄት አለ። ሁለት ቁራዎች አጠገቧ ሞተዋል። ባለጋሪው ሳልጠይቀው ጋሪውን አቆመ። አካፋ ነበረው። እየተፈራረቅን ቆፈርን። መሬቱ ደረቅ ነበርና መሸብን። በድኗንም ቁራዎቹንም ቀብረን ድንጋይ ጫንበት። ለቆየበት 2 ዛጎል ልሰጠው ስል እምቢ አለ።

በማግስቱ የአህያዋን ባለቤት ፈልጌ ሄድኩ። ጅብ በአንድ ሌሊት ሦስት ፍየል ጨርሶበታል። ቁጣው እውነት ነው። በረቱ በሾህ አልታጠረም፤ ብቻውን የሚኖር ሰው ነው፣ ጉልበት የለውም። ከሰፈራችን ጎረምሶች ይዤ መጥቼ እንድናጥርለት ተስማማን። የቀረውን ዱቄት ሰጠኝና ከኖራ ጋር ቀበርኩት። ዳመኔዎቹ ክረምቱ ሊገባ ሲል በላያችን ይመለሳሉ። እስከዚያ ወንዙን ይዤ በየመንደሩ እዞራለሁ። አካፋና ሾህ መቁረጫ ይዞ አብሮኝ የሚሄድ ካለ፣ የገበያ ዕለት ጠዋት ከትልቁ ዋርካ ሥር ነኝ።